ከለቅሶው በኋላ የሚመጣው ስልክ
በመኪና አደጋ ሰው የሞተበት ቤተሰብ ስለ ኢንሹራንስ ካሣ ማወቅ ያለበት፤ ለዲሲ፣ ለሜሪላንድና ለቨርጂኒያ ነዋሪዎች

በዚህ አካባቢ የምንኖር ኢትዮጵያውያን ብዙዎቻችን እንጀራችን መኪና ላይ ነው። ታክሲ የሚነዳው፣ ኡበርና ሊፍት የሚሠራው፣ ምግብ የሚያደርሰው፣ ከስቴት ስቴት በትራክ ጭነት የሚያመላልሰው፣ ሁለተኛ ሥራውን ጨርሶ ከሌሊቱ በቤልትዌይ ወደ ቤቱ የሚመለሰው ብዙ ነው። ውሎው መንገድ ላይ የሆነ ሰው ደግሞ ለአደጋ ቅርብ ነው።

ሰው ሲሞትብን እንዴት እንደምናደርግ እናውቃለን። ቤቱ በሰው ይሞላል። ምግቡ በየተራ ይመጣል። እድር ያለው በእድሩ፣ የሌለው በጎፈንድሚ ገንዘብ ይሰበሰብለታል። አስከሬኑ ሀገር ቤት ይሂድ ወይስ እዚህ ይቀበር የሚለው ይመከርበታል። በማስተዛዘንና በመደጋገፍ በኩል ማንም አይደርስብንም። የሚከብደን ከዚያ በኋላ ያለው ነው።

ሰልስቱ ሳያልፍ ስልክ ይደወላል። የሚደውለው ጨዋና አዛኝ ድምፅ ያለው ሰው ነው። ከኢንሹራንስ ድርጅት እንደሚደውል ተናግሮ «በደረሰባችሁ ነገር በጣም አዝነናል፤ ለቀብሩ የሚሆን ነገር በፍጥነት ልንረዳችሁ እንፈልጋለን፤ ከዚያ በፊት ጥቂት ጥያቄዎች ልጠይቃችሁና ንግግራችንን ልቅዳው?» ይላል። በዚያ ሰዓት ስልኩን የሚያነሳው ብዙ ጊዜ እንግሊዝኛ የተሻለ የሚችለው የቤተሰቡ ልጅ ወይም የሟች ጓደኛ ነው። የዚያ አሥር ደቂቃ ንግግር የልጆቹን የአሥር ዓመት ኑሮ ሊወስን ይችላል። ለምን እንደሆነ አንድ በአንድ እንይ።

«የልጄን ደም አልሸጥም»

ይህን ቃል ከብዙ እናቶችና አባቶች አፍ ሰምተናል። ምክንያትም አለው። በሀገራችን ልማድ የደም ካሣ ገዳይና የሟች ወገን በሽማግሌ ፊት የሚታረቁበት፣ ቂም የሚቀርበት መንገድ ነው። ስለዚህ በሞተ ሰው ስም ገንዘብ ሲባል ለሟቹ ዋጋ የተቆረጠለት ይመስለናል። «ገንዘቡ እሱን አይመልሰው» ብሎ የሚተው ቤተሰብ ጥቂት አይደለም።

የዚህ ሀገር ሕግ ግን የሟቹን ዋጋ አይተምንም። የሚቆጥረው በሕይወት ያሉት ያጡትን ነው። እስኪ በምሳሌ እንየው። አንድ አባት ከታክስ በኋላ በዓመት 45,000 ዶላር ለቤቱ ያስገባ ነበር እንበል። የ7 እና የ4 ዓመት ልጆች አሉት። ትንሹ ልጅ 18 ዓመት እስኪሞላው 14 ዓመት ይቀረዋል። 14 ጊዜ 45,000 ማለት 630,000 ዶላር ነው። ልጆቹን ትምህርት ቤት ማድረሱ፣ ቤት ውስጥ የሚሠራው ሥራ፣ ምክሩና ፍቅሩ ገና አልተቆጠረም። የአባትየው ሞት በዚያ ቤት ላይ የከፈተው ጉድጓድ ይህን ያህል ነው። እናትየዋ «ተውኩት» ስትል የምትተወው የራሷን ብቻ አይደለም፤ ፊርማ የማይችሉትን ልጆች መብት ጭምር ነው።

ገንዘቡን የሚከፍለውም አብዛኛውን ጊዜ ያጠፋው ሰው ከኪሱ አይደለም። ለዚሁ ቀን ብሎ በየወሩ ክፍያ ሲሰበስብ የኖረው ኢንሹራንሱ ነው። ይህ በተለይ ጓደኛ ወይም ዘመድ ሲነዳ አብሮት የተሳፈረ ሰው ሲሞት ያስቸግረናል። «የጓደኛችንን ልጅ እንዴት እንከሳለን? ነገ ቤተ ክርስቲያን፣ መስጊድ እንገናኝ የለ እንዴ?» ይባላል። እስከ ፖሊሲው ጣሪያ ድረስ የሚከፍለውም፣ ለነጂው ጠበቃ የሚያቆምለትም ኢንሹራንሱ መሆኑን ሁለቱም ወገኖች ቢያውቁ ይሉኝታው ይቀል ነበር።

ኢንሹራንሱ ስንት ይከፍላል?

ሦስቱ ግዛቶቻችን በግማሽ ሰዓት መንገድ ይገናኛሉ፤ ሕጋቸው ግን ይለያያል። በቨርጂኒያና በሜሪላንድ ፍርድ ቤቶች የሚሠራው አደጋው የደረሰበት ቦታ ሕግ ነው። ሲልቨር ስፕሪንግ የሚኖር ሰው አሌክሳንድሪያ ላይ አደጋ ቢደርስበት የሚታየው የቨርጂኒያ ሕግ ይሆናል ማለት ነው።

እያንዳንዱ መኪና ሌላውን ሰው ለመካስ መያዝ ያለበት ትንሹ የላየቢሊቲ ሽፋን ይህን ይመስላል።

በቨርጂኒያ ከጃንዋሪ 1 ቀን 2025 ጀምሮ በወጡ ወይም በታደሱ ፖሊሲዎች ለአንድ ሰው 50,000፣ በአንድ አደጋ ለተጎዱት ሁሉ በድምሩ 100,000 ዶላር ነው።

በሜሪላንድ ለአንድ ሰው 30,000፣ በድምሩ 60,000 ዶላር ነው።

በዲሲ ለአንድ ሰው 25,000፣ በድምሩ 50,000 ዶላር ነው።

እነዚህ ቁጥሮች ለጉዳትም ለሞትም ያው ናቸው። ሰው ስለሞተ ጣሪያው ከፍ አይልም። ቨርጂኒያ ውስጥ በአንድ አደጋ ሦስት ሰው ቢሞትና ያጠፋው ነጂ ትንሹን ሽፋን ብቻ የያዘ ቢሆን ሦስቱ ቤተሰቦች 100,000 ዶላሩን ይከፋፈላሉ። አንድ ሰው ብቻ ቢሞትና 50,000 ቢከፈል፣ የጠበቃ ሲሶ ሲነሳ የሚቀረው 33,333 ዶላር ገደማ ነው። ከዚያም ላይ ሆስፒታሉ፣ ሜዲኬድ ወይም የጤና ኢንሹራንሱ ለሕክምና ያወጣውን ሊጠይቅ ይችላል። ከላይ ካሰብነው 630,000 ጋር አስተያዩት።

ስለዚህ የመጀመሪያው ጥያቄ «ሌላስ የሚከፍል ማን አለ?» ነው። ያጠፋው መኪና የድርጅት ነበር? ነጂው በሥራ ላይ ነበር? ከስቴት ስቴት የሚጭን ትልቅ ትራክ ከሆነ የፌዴራል ሕግ ቢያንስ የ750,000 ዶላር ሽፋን ያስገድደዋል። ኡበር ወይም ሊፍት ከሆነ ደግሞ አፑ በዚያ ደቂቃ ምን ላይ እንደነበር ይወስናል። በቨርጂኒያ ነጂው ጥሪ ተቀብሎ ወደ ተሳፋሪው እየሄደ ወይም ተሳፋሪ ይዞ ከነበረ ሕጉ የ1 ሚሊዮን ዶላር ላየቢሊቲ ያዛል። አፑን ከፍቶ ጥሪ እየጠበቀ ከነበረ ሽፋኑ ወደ 50,000 እና 100,000 ይወርዳል። አፑ ተዘግቶ ከነበረ የሚሠራው የራሱ የግል ኢንሹራንስ ብቻ ነው። ብዙ የግል ፖሊሲ ደግሞ መኪናው ለንግድ በሚሠራበት ሰዓት አልከፍልም የሚል አንቀጽ አለው። ምግብ የምታደርሱ ወገኖች ይህችን አንቀጽ ፖሊሲያችሁ ውስጥ ፈልጉ።

አንዲት ቃል

አሁን ወደዚያ ስልክ እንመለስ። ቨርጂኒያ፣ ሜሪላንድና ዲሲ ከአብዛኛው አሜሪካ የሚለዩበት አንድ ከባድ ሕግ አላቸው። በብዙ ስቴቶች ሟቹ ራሱ 20 በመቶ ቢያጠፋ ካሣው በ20 በመቶ ይቀነሳል። እኛ ጋ ግን ለአደጋው ምክንያት የሆነ ትንሽ ጥፋት፣ አንድ በመቶም ቢሆን፣ ሟቹ ላይ ከተረጋገጠ ካሣው ጠቅላላ ሊቀር ይችላል።

አሁን የኛን አነጋገር አስቡት። በባህላችን ጥፋቱን ሁሉ ሌላው ላይ መጣል ነውር ነው። «እሱም ትንሽ ሳይቸኩል አይቀርም»፣ «ሌሊት ሠርቶ ስለነበር ደክሞት ይሆናል»፣ «መብራቱ ሊቀየር ሲል ነው መሰለኝ የተሻገረው» እንላለን። ያላየነውን ነገር ለጨዋነት ብለን እንናገራለን። ንግግሩ እየተቀዳ ከሆነ ያቺ «መሰለኝ» ትርጉሟ ጠፍቶ፣ የሟች ወንድም ሟቹ ቸኩሎ እንደነበር አምኗል ተብላ ትጻፋለች።

ስለዚህ ያጠፋው ሰው ኢንሹራንስ ሲደውል ከዚህ በላይ መናገር አያስፈልግም፤ «አሁን ሐዘን ላይ ነን። ስምዎንና የክሌም ቁጥሩን ይስጡኝ። የቤተሰቡ ተወካይ ይደውልልዎታል።» ንግግር እንዲቀዳላችሁ የመፍቀድ ግዴታ የለባችሁም። የሌላው ሰው ኢንሹራንስ እናንተን የመጠየቅ ሥልጣን የለውም። የራሳችሁ ኢንሹራንስ ከሆነ ግን መተባበር ውሉ ውስጥ አለበት፤ እሱንም ቢሆን ከጠበቃ ጋር ሆናችሁ ማድረግ ትችላላችሁ። መዋሸት ግን በፍጹም አይገባም። ያዩትን መናገር ሌላ ነው፤ ያላዩትን መገመት ሌላ ነው።

ከዚህ ከባድ ሕግ የሚያመልጡ አሉ። በዲሲ ከ2016 ወዲህ እግረኛና ብስክሌት ነጂ ከግማሽ በላይ ጥፋተኛ ካልሆነ ካሣውን አያጣም። ተሳፋሪ ሆኖ የሞተ ሰው ላይም ጥፋት ማግኘት ከባድ ስለሆነ የተሳፋሪ ቤተሰብ አብዛኛውን ጊዜ ጠንካራ መብት አለው።

ሌላው ግራ የሚያጋባው የወንጀል ጉዳይ ነው። ፖሊስ ነጂውን አለመክሰሱ ወይም ፍርድ ቤት በነጻ መልቀቁ ካሣውን አያስቀርም። ሁለቱ የተለያዩ ጉዳዮች ናቸው፤ የሚጠየቀው የማስረጃ መጠንም የተለያየ ነው።

ገንዘቡ የማን ነው?

ለካሣ ቤተሰቡ እንዳለ ተሰልፎ አይከስም። በቨርጂኒያና በዲሲ ክሱን የሚያቀርበው ፍርድ ቤት የሾመው የሟች ሕጋዊ ተጠሪ ነው። በሜሪላንድ ግን ተጠቃሚዎቹ ራሳቸው ሆነው አንድ ክስ ያቀርባሉ። ተጠሪ ማለት ወራሽ ማለት አይደለም። ለሌሎቹ ሲል የሚሠራ ሰው ነው። ይህን አለመረዳት ብዙ ወንድማማች አጣልቷል።

በቨርጂኒያ መጀመሪያ የሚካሱት ሚስት ወይም ባልና ልጆች ናቸው። ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር ደግሞ አለ። ሟቹ ከመሞቱ በፊት ባሉት 12 ወራት ውስጥ ወላጆቹን በየጊዜው ለኑሯቸው፣ ለምግባቸው ወይም ለሕክምናቸው ይረዳ ከነበረ እነሱም ከሚስትና ከልጆቹ ጎን ተጠቃሚ ናቸው። ጎንደር ወይም ጅማ ያለች እናት ልጇ በየወሩ በሚልክላት ገንዘብ ስትኖር ከነበረ መብት አላት ማለት ነው። ሟቹ ትዳርም ልጅም ያልነበረው ከሆነ ወላጆች፣ እህቶችና ወንድሞች ተጠቃሚ ይሆናሉ። በሜሪላንድ ወላጆች ከትዳር ጓደኛና ከልጆች ጋር በመጀመሪያው መደብ ውስጥ ናቸው። የቨርጂኒያ ሕግ የቤተሰቡን ሐዘንና የልብ ስብራት ጭምር ይክሳል። የዲሲው ግን ሐዘኑን አይቆጥርም፤ የሚቆጥረው የጠፋውን ገቢና አገልግሎት ነው። ሜሪላንድ ሐዘኑን ትክሳለች፤ ግን ጣሪያ አላት፤ ጣሪያውም በየዓመቱ ኦክቶበር 1 ቀን በ15,000 ዶላር ከፍ ይላል።

እዚህ ላይ የኛ ችግር ማስረጃ ነው። በዌስተርን ዩኒየን ወይም በባንክ የተላከ ገንዘብ ወረቀት አለው። በሚሄድ ሰው እጅ የተላከው፣ «እዚህ ስጠኝ፣ እዚያ ይሰጡልሃል» ተባብለን ያስተላለፍነው ግን ምንም የለውም። ለእናታችን የምንልከውን ቢያንስ በከፊል በሕጋዊ መንገድ መላክ ለክፉ ቀንም ይጠቅማታል።

በቨርጂኒያ የሞት ካሣ ስምምነት የፍርድ ቤት ይሁንታ ያስፈልገዋል። የልጆች ድርሻም በፍርድ ቤት ክትትል እስኪያድጉ ሊቀመጥ ይችላል። «አጎትየው ፈርሞ በላው» የሚባለውን ሐሜት የሚከላከለው ይኸው ሥርዓት ነው። የኢሚግሬሽን ሁኔታም ካሣ ከመጠየቅ አያግድም። ጉዳዩ ያላለቀለት ጥገኝነት ጠያቂም፣ ሀገር ቤት ያለ ወላጅም መጠየቅ ይችላል።

ስማችን ጣጣ ሲያመጣ

የኢንሹራንስ ሠራተኛው ፋይሉን ሲከፍት የባልየው የመጨረሻ ስም የአባቱ ስም፣ የሚስትየዋ የሷ አባት፣ የልጆቹ ደግሞ የሟቹ የራሱ ስም ሆኖ ያገኘዋል። ሦስት የተለያየ የቤተሰብ ስም ነው። ለኛ ግልጽ ነው፤ ለእሱ ግን «እነዚህ ሰዎች ምንና ምን ናቸው?» ነው። በዚያ ላይ አንዱ ሰነድ ላይ ስሙ በአንድ ፊደል፣ ሌላው ላይ በሌላ ፊደል ተጽፏል።

መፍትሔው ሰነድ አሟልቶ ማስቀመጥ ነው። የጋብቻ የምስክር ወረቀት፣ የልጆች የልደት ወረቀት፣ ከሀገር ቤት የመጣ ሰነድ ከሆነ በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር የተረጋገጠና ወደ እንግሊዝኛ የተተረጎመ ያስፈልጋል። የኢትዮጵያን የአሰያየም ልማድ የሚያስረዳ አንድ ገጽ የቃለ መሐላ ጽሑፍም ብዙ ውጣ ውረድ ያስቀራል።

ጋብቻው ራሱም ይታይ። ቨርጂኒያ ወይም ሜሪላንድ ውስጥ በቤተ ክርስቲያን ተክሊል ወይም በኒካህ ተጋብተው የጋብቻ ላይሰንስ ሳያወጡ የቀሩ ጥንዶች አሉ። አሥር ዓመት አብሮ መኖር ብቻውን በሁለቱ ስቴቶች ጋብቻ አያሰኝም። ዲሲ ግን እንዲህ ያለውን ትዳር በማስረጃ ሊቀበል ይችላል። ያልፈረማችሁ ካላችሁ ከፍርድ ቤት የሚወጣው ላይሰንስ የአንድ ቀን ጉዳይ ነው።

ጊዜው እየሄደ ነው

አርባው ይውጣ፣ ሰማንያው ይውጣ፣ ሙት ዓመቱ ይለፍ እያልን እንቆያለን። ሕጉ ግን ከሞቱ ቀን ጀምሮ ይቆጥራል። ክስ ማቅረቢያው በቨርጂኒያና በዲሲ 2 ዓመት፣ በሜሪላንድ 3 ዓመት ነው። ቀኑ ካለፈ ኢንሹራንሱ አንድ ሳንቲም የመክፈል ግዴታ የለበትም። ከኢንሹራንሱ ጋር እየተነጋገራችሁ መሆኑ ቀኑን አያቆመውም። «እያየነው ነው» እየተባለ 2 ዓመት ሊያልፍ ይችላል።

ያጠፋው የመንግሥት መኪና ከሆነ ደግሞ ቀኑ በጣም ያጥራል። በዲሲ ለከተማው፣ በቨርጂኒያም ለካውንቲ ወይም ለከተማ አስተዳደር በ6 ወር ውስጥ የጽሑፍ ማስታወቂያ መድረስ አለበት። በሜሪላንድ ጊዜው 1 ዓመት ነው።

ከሁሉም ፈጥኖ የሚጠፋው ግን ማስረጃው ነው። የነዳጅ ማደያውና የሱቁ ካሜራ ምስል በቀናት ወይም በሳምንታት ውስጥ በሌላ ይተካል። የትራክ ነጂዎች የሥራ ሰዓት መዝገብ በሕግ መቀመጥ ያለበት 6 ወር ብቻ ነው። የተሰባበረው መኪና ራሱ ማስረጃ ነው፤ ውስጡ ያለው መሣሪያ ከግጭቱ በፊት የነበረውን ፍጥነትና ፍሬን መያዝ አለመያዙን መዝግቦ ሊሆን ይችላል። ኢንሹራንሱ «መኪናውን እንውሰድላችሁ፣ የማቆሚያ ሂሳብ እየቆጠረ ነው» ብሎ ወስዶ ካስጨፈለቀው በኋላ የሚመለስ ነገር የለም። ጠበቃ መጀመሪያ የሚሠራው ሥራ «ይህን እንዳታጠፉ» የሚል ደብዳቤ መጻፍ ነው።

ስለ ጠበቃ ካነሳን

እንዲህ ያለ ጉዳይ የሚይዙ ጠበቆች ቅድሚያ ክፍያ አይጠይቁም። ካሣው ሲገኝ ብዙውን ጊዜ ሲሶውን፣ ክስ ተመሥርቶ ፍርድ ቤት ከተገባ ደግሞ እስከ 40 በመቶ ይወስዳሉ። ይህ በድርድር ሊስተካከል የሚችል ነገር ነው፤ ጠይቁ። ለሰነድ፣ ለባለሙያና ለፍርድ ቤት የሚወጣው ወጪ ከሲሶው በፊት ነው ወይስ በኋላ የሚቀነሰው? ጉዳዩ ቢሸነፍ ወጪውን ማን ይችለዋል? በሞት ጉዳይ ላይ ስንት ጊዜ ሠርተዋል? መልሱን በጽሑፍ ተቀበሉ።

ለቅሶ ቤት መጥቶ ካርድ የሚያድል፣ ሆስፒታል ድረስ ሄዶ «ጥሩ ጠበቃ አውቃለሁ፣ አሁኑኑ ፈርሙ» የሚል ሰው ካጋጠማችሁ ተጠንቀቁ። በቨርጂኒያም ሆነ በሜሪላንድ ለጠበቃ ደንበኛ እያመጡ ኮሚሽን መቀበል የተከለከለ ነው። ሐዘንተኛ ወገኑን የሚሸጥ ሰው ነገ ስልክ አያነሳም።

ከካሣው ሌላ ያለው

ካሣው እስኪመጣ ወራት ምናልባትም ዓመታት ሊፈጅ ይችላል። እስከዚያው ቤቱን የሚደግፉ ነገሮች አሉ፤ አንዱን መውሰድ ካሣውን አያስቀርም።

ሶሻል ሴኩሪቲ፦ ሟቹ ታክስ እየከፈለ ሠርቶ ከነበረ ልጆቹ እስከ 18 ዓመታቸው፣ ሃይስኩል ያልጨረሱት እስከ 19፣ እናታቸውም ከ16 ዓመት በታች የሆነ ልጅ እያሳደገች ከሆነ ወርኃዊ ክፍያ ማግኘት ይችላሉ። ሟቹ ለአሜሪካ አዲስ ቢሆንም፣ ከመሞቱ በፊት ባሉት ሦስት ዓመታት ውስጥ አንድ ዓመት ተኩል ያህል ከሠራ ልጆቹ ይበቃቸዋል። ሳትጠይቁ አይመጣም፤ ቶሎ አመልክቱ።

የሥራ ላይ አደጋ ካሣ፦ ሟቹ የድርጅት ተቀጣሪ ሆኖ በሥራ ሰዓት ከሞተ፣ በቨርጂኒያ ጥገኞቹ የሳምንት ደሞዙን ሁለት ሦስተኛ እስከ 500 ሳምንት ሊያገኙ ይችላሉ፤ ጣሪያ አለው። የኡበርና የሊፍት ነጂዎች ግን በአብዛኛው እንደ ተቀጣሪ ስለማይቆጠሩ ይህ አይደርሳቸውም።

የወንጀል ተጎጂዎች ፈንድ፦ ነጂው ሰክሮ ከነበረ ሦስቱም ግዛቶች ለቀብር ወጪና ለመሳሰለው የሚረዳ ፈንድ አላቸው።

የሞት ካሣ ገንዘብ በአብዛኛው የፌዴራል ገቢ ታክስ አይከፈልበትም። ለቅጣት ተብሎ የሚጨመር ገንዘብ ካለ ግን ሂሳብ ሠራተኛ አማክሩ።

ዛሬ ማታ ፖሊሲያችሁን አውጡ

ከዚህ በላይ ያለው ሁሉ አደጋ ከደረሰ በኋላ የሚሠራ ነው። ትልቁ ሥራ ግን ከአደጋው በፊት ያለው ነው። ያጠፋው ሰው ስንት ኢንሹራንስ እንደያዘ እናንተ መወሰን አትችሉም። መወሰን የምትችሉት የራሳችሁን ነው።

ፖሊሲያችሁ የመጀመሪያ ገጽ ላይ «አንኢንሹርድ» እና «አንደርኢንሹርድ ሞቶሪስት» የሚል መስመር ፈልጉ። ይህ የገጫችሁ ሰው ኢንሹራንስ ከሌለው፣ ገጭቶ ከጠፋ ወይም የያዘው ካልበቃ የራሳችሁ ኢንሹራንስ ለእናንተና አብረዋችሁ ለሚኖሩ ቤተሰቦቻችሁ የሚከፍለው ሽፋን ነው። በእግር ስትሄዱ ብትገጩም ሊሠራ ይችላል። ገጭቶ ያመለጠ ከሆነ ግን ወዲያውኑ ለፖሊስ መነገር አለበት።

በቨርጂኒያ ከጁላይ 1 ቀን 2023 ወዲህ በወጡ ወይም በታደሱ ፖሊሲዎች የእናንተ ሽፋን ያጠፋው ሰው ላይ ተደምሮ ይከፈላል። የእሱ 50,000፣ የእናንተ 100,000 ከሆነ ድምሩ 150,000 ነው። ነገር ግን ርካሽ እንዲሆን ብላችሁ የሚቀናነሰውን ዓይነት ከመረጣችሁ የእሱ 50,000 ከእናንተው ላይ ይነሳና ድምሩ 100,000 ይሆናል። ፎርሙን ስትሞሉ በአንዲት ምልክት 50,000 ዶላር ትቀራለች ማለት ነው። በሜሪላንድም ይህን የመሰለ የተሻሻለ ሽፋን አለ። በዲሲ ግን «አንደርኢንሹርድ» የሚባለው በፈቃድ የሚጨመር ነው፤ ካልጠየቃችሁ ላይኖራችሁ ይችላል። ወኪላችሁን «ትንሹን ስጠኝ» ከማለት ይልቅ «ይህን ከፍ ባደርገው በወር ስንት ይጨምራል?» ብላችሁ ጠይቁት።

እግረ መንገዳችሁን እነዚህን በአንድ ፖስታ አድርጋችሁ የትዳር ጓደኛችሁ የሚያውቀው ቦታ አስቀምጡ፦ የኢንሹራንስ ፖሊሲያችሁን ከነሙሉ ገጹ፣ የጋብቻና የልደት ወረቀቶችን፣ ያለፉትን ዓመታት የታክስ ፎርም፣ ወደ ሀገር ቤት የላካችሁበትን ደረሰኝ። በጥሬ ገንዘብ የምትሠሩ ካላችሁም አንድ ነገር አስቡ፤ ለታክስ ያላሳወቃችሁትን ገቢ ነገ ልጆቻችሁ «አባታችን ይህን ያህል ያገኝ ነበር» ብለው ማስረዳት ይከብዳቸዋል።

ለለቅሶ ቤት የምንሄድ ሰዎችም ከእንጀራና ከወጥ ጋር አንድ ነገር ይዘን እንሂድ። ከመካከላችን አንድ ሰው ስልክ ተቀባይ ይሁን። የደወለውን ሁሉ ስምና ቁጥር ይጻፍ፤ የፖሊስ ሪፖርቱን ቁጥር ይያዝ፤ መኪናው የት እንደቆመ ይወቅ፤ ማንም ምንም እንዳይፈርም ይጠብቅ። ሐዘንተኛው ያልቅስ። ወረቀቱን የሚጠብቅለት ወዳጅ ካለው ለቅሶው ሲያበቃ ልጆቹን የሚያሳድግበት ነገር አይጠፋበትም።

ማሳሰቢያ፦ ይህ ጽሑፍ ለጠቅላላ እውቀት የቀረበ እንጂ የሕግ ምክር አይደለም። እያንዳንዱ ጉዳይ የራሱ ሁኔታ ስላለው፣ ሕጉም ስለሚሻሻል፣ አደጋ የደረሰበት ቤተሰብ በዚያ ግዛት ፈቃድ ያለው ጠበቃ ሳይዘገይ እንዲያማክር እንመክራለን።